«ሬድ ሲ ስፓይስ»፣ የእስራኤሉ የስለላ ድርጅት ሞሳድ ሱዳን ውስጥ ስለከፈተው ሆቴል የተጻፈው መጽሀፍ ይገዛል ወይ?

የስለላ መጽሀፍ አብዝቼ ነው የማነበው፣ ሲአይኤ በሉት ኬጂቢ በሉት የእንግሊዞቹ ኤምአይ 6 በሉት፣ እና እውነቱን ለመናገር ግማሹ አንድ አይነት ነው። ጡረታ የወጣ ሰላይ ቁጭ ብሎ እኔ ባልኖር አገር ጠፍታ ነበር ይለናል፣ የድሮ አለቆቹን ያማል፣ ዋናው ነገር ላይ ሲደርስ ደግሞ ይሄ ሚስጥር ነው ብሎ ያልፈዋል። ስለዚህ የራፊ በርግን «ሬድ ሲ ስፓይስ» ስገዛ ብዙም አልጠበቅኩም፣ የገዛሁት የኛ ሰዎች ታሪክ ስላለበት ብቻ ነው። ካነበብኩት በኋላ ግን ላልጠየቀኝ ሰው ሁሉ ሳወራ ነው የከረምኩት።

መጽሀፉ በ2020 ነው የወጣው (በፈረንጅ ነው የምቆጥረው፣ አመተ ምህረቱን ሁሉ እንደዛ ያዙልኝ)። ጸሀፊው የቢቢሲ ድረገጽ የመካከለኛው ምስራቅ ኤዲተር የነበረ ጋዜጠኛ ነው፣ የጻፈውም ኦፕሬሽኑን ራሱ ከመራው ዳኒ ከሚባል የሞሳድ ሰው ጋር ተባብሮ ነው፣ ሌሎቹንም ኤጀንቶች ብዙ ሰአት ቁጭ ብሎ አናግሯል። ይሄ ነገር ጥቅምም ጉዳትም አለው፣ እመለስበታለሁ።

ታሪኩን ለማያውቅ ባጭሩ፦ በ1977 ሜናኸም ቤጊን የእስራኤል ጠቅላይ ሚኒስትር ሲሆን የሞሳድን አለቃ ጠርቶ የኢትዮጵያን አይሁዶች አምጡልኝ አለው። መጀመሪያ ከመንግስቱ ጋር መሳሪያ በሰው አይነት ድርድር ተሞከረና ጥቂት ሰው በሁለት በረራ ወጣ፣ ከዛ በ1978 የእስራኤሉ ውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ሞሼ ዳያን በአደባባይ ለኢትዮጵያ መሳሪያ እንሸጣለን ብሎ ሲናገር መንግስቱ ተናደደና በሩ ተዘጋ። የቀረው መንገድ ሱዳን ነው፣ ሱዳን ደግሞ የአረብ ሊግ አባል፣ ለእስራኤል ጠላት አገር። ቤተ እስራኤሎቹ ከጎንደርና ከትግራይ በእግራቸው ድንበር እያቋረጡ ከሌላው ስደተኛ ጋር ተቀላቅለው ምስራቅ ሱዳን ገዳሪፍ አካባቢ ካምፕ ይገባሉ፣ ማንነታቸውን ደብቀው። ከዛ በጥቂት በጥቂቱ በካርቱም በኩል በውሸት ወረቀት ወደ አውሮፓ እየተላኩ ወደ እስራኤል ይሄዳሉ። ሰው ሲበዛ ይሄ መንገድ አላዋጣ አለ። በባህር እናውጣቸው ተባለና ዳኒ ቀይ ባህር ዳር ቦታ ሲያስስ ድንገት አሩስ የሚባል የተተወ የመዝናኛ መንደር ላይ ይደርሳል።

እንግዲህ መጽሀፉ እዚህ ጋ ነው የሚጣፍጠው። መንደሩን ጣልያኖች ናቸው በ70ዎቹ መጀመሪያ የሰሩት፣ ከፖርት ሱዳን ወደ ሰሜን፣ ቀይ ጣራ ያላቸው ባንጋሎዎች፣ ውሃም መብራትም መንገድም በቅጡ ስለሌለው ጥለውት የሄዱት። ሞሳዶች የስዊስ ካምፓኒ ነን ብለው የሱዳንን መንግስት አሳምነው ለሶስት አመት በ320 ሺ ዶላር ተከራዩት። አሁን በፊልም ቢሆን ሰው ቀጥታ ወደ ተኩሱ ይገባ ነበር፣ በርግ ግን ሆቴል እንዴት እንደሚከፈት ነው የሚያሳየን። ኤሲው ከእስራኤል በድብቅ ይገባል፣ የጀልባ ሞተሩም እንደዛው። አስራ አምስት ገደማ የአካባቢው ሰው ይቀጠራል፣ አስተናጋጅ፣ ቤት አጽጂ፣ ሹፌር፣ ሼፉን ከሌላ ሆቴል እጥፍ ደሞዝ ሰጥተው ነው ያስኮበለሉት። በሺ የሚቆጠር ብሮሸር ታትሞ አውሮፓ ይበተናል። የቀን ተቀን ስራውን ሴት ኤጀንቶች እንዲመሩት ተደረገ፣ ሴት ያለችበት ሆቴል ብዙ አያጠራጥርም ተብሎ። የዳይቪንግ (ባህር ውስጥ የመጥለቅ) እቃ መጋዘኑ ለማንም አይከፈትም፣ ከቴልአቪቭ ጋ የሚገናኙበት ሬድዮ እዛ ነው የተደበቀው።

እና ጉዱ ምን መሰላችሁ፣ ሆቴሉ አተረፈ! የምር እንግዳ ይመጣል፣ የግብጽ ወታደሮች፣ የእንግሊዝ ኮማንዶዎች፣ ካርቱም ያሉ ዲፕሎማቶች፣ የሱዳን ባለስልጣናት ሳይቀሩ፣ ሁሉም እየከፈሉ ይዋኛሉ፣ በዛው ብር ደግሞ ስደተኞቹን የሚጭነው መኪና ይከራያል። ቀን ዳይቪንግ ያስተማረው ሰውዬ ማታ ካርቱም ስራ አለኝ ብሎ ይወጣና በስንት መቶ ኪሎሜትር በረሃ ገዳሪፍ ድረስ ይነዳል፣ ሰው ጭኖ ኬላ በኬላ በጉቦም በማታለልም እያለፈ ተመልሶ ባህሩ ዳር ይደርሳል፣ እዛ የእስራኤል ባህር ሃይል ኮማንዶዎች በጎማ ጀልባ ይጠብቁታል። ከሰአት ላይ እንግዳ እየሳቀ ያስተናግዳል። የስለላ ስራ ማለት በአብዛኛው ይሄ እንደሆነ፣ ኪራይ መክፈል፣ ደረሰኝ መያዝ፣ ፈገግ ማለት፣ ይሄን ያህል ጥርት አድርጎ ያሳየኝ መጽሀፍ አላስታውስም። ሽፋን የሚሉት ነገር የሚይዘው እውነተኛ ስራ ሲሰራ ነው፣ የውሸት ሆቴል ብለው የጀመሩት የእውነት ሆቴል ስለሆነላቸው ነው ያን ያህል አመት የቆዩት።

ማርች 1982 ላይ ያለው ምእራፍ ደግሞ ልብ ያቆማል። ጀልባዎቹ ሰው ጭነው ሊወጡ ሲሉ የሱዳን ወታደሮች ኮንትሮባንድ መስሏቸው ከተፍ ይላሉ፣ ተኩስም ይከፍታሉ። ዳኒ ምን አደረገ፣ መኮንኑ ላይ መጮህ ጀመረ፣ አብደሃል እንዴ ቱሪስት ላይ ትተኩሳለህ፣ እኛ ለአገርህ ቱሪዝም እየሰራን፣ ብሎ ቁጣውን ለቀቀበት፣ መኮንኑም ይቅርታ ጠየቀ። ድፍረት ብቻ አይደለም ይሄ፣ ሆቴሉ እውነተኛ ባይሆን ኖሮ ያ ቁጣ ከየት ይመጣ ነበር? ከዛ በኋላ ባህሩ አስጊ ሆነና በረሃ ላይ በሌሊት የሚያርፉ ሄርኩለስ የሚባሉ የእስራኤል ወታደራዊ የጭነት አውሮፕላኖች ተጀመሩ።

አሁን ወደማይመቸኝ ነገር። የዚህ ሁሉ ነገር መነሻ ፈረደ አክሉም ነው። ትግራይ አስተማሪ የነበረ ቤተ እስራኤል፣ ደርግ ሲፈልገው ወደ ሱዳን የሸሸ፣ ካርቱም ሆኖ ለእርዳታ ድርጅቶች ደብዳቤ የጻፈ። አንዱ ደብዳቤ ሞሳድ እጅ ገባና ዳኒን ይሄን ሰው ፈልገህ አግኝ ብለው ላኩት። ሁለቱ ሲገናኙ ያለው ክፍል ከመጽሀፉ ሁሉ የወደድኩት ነው። በሱዳን በኩል ኢየሩሳሌም መድረስ ይቻላል የሚለውን ወሬ ወደ አገር ቤት የላከው ፈረደ ነው፣ ያ ወሬ ነው ሰዉን ከየመንደሩ ያስነሳው። በርግ ይሄን አልደበቀም፣ ክብሩን ሰጥቶታል፣ ከሌሎቹ መጽሀፎች ጋ ሲተያይ በጣም የተሻለ ነው። ግን የሱዳን ደህንነት እያሳደደው በ1980 ፈረደ ወደ እስራኤል ሲወጣ ከመጽሀፉም አብሮ የወጣ ያህል ነው የተሰማኝ። ከዛ በኋላ ካሜራው ዳኒና ጓደኞቹ ላይ ነው። ቆይ እስቲ፣ ፈረደ በ2009 ኢትዮጵያን ሊጎበኝ መጥቶ እዛው አረፈ፣ ያ ሰው ብቻውን አንድ መጽሀፍ አይወጣውም?

ኮሚቴዎቹም እንደዛው። ካምፕ ውስጥ ኮሚቴ የሚባሉ ልጆች ነበሩ፣ ከቤተ እስራኤል፣ ስሙን ዝርዝሩን የሚይዙት፣ በሌሊት ሰዉን ከካምፕ አስወጥተው ለመኪናው የሚያደርሱት እነሱ ናቸው። ፈረንጁ ቢያዝ ኤምባሲ ይጮህለታል፣ የስዊስ ፓስፖርትም አለው፣ ኮሚቴው ቢያዝ ማን አለው? በስለላ ቋንቋ ከተነሳን እውነተኛዎቹ ኤጀንቶች እነሱ ናቸው፣ ያለ ስልጠና፣ ያለ ደሞዝ፣ ያለ ሽፋን። መጽሀፉ ላይ አሉ፣ ግን እየገቡ ይወጣሉ እንጂ አይቀመጡም። የኦፕሬሽን አዛዥ ጋር ተባብረህ ስትጽፍ ነገሩን በአዛዡ አይን ነው የምታየው፣ ቅድም ጉዳት አለው ያልኩት ይሄን ነው። የሚጫኑትም ሰዎች ፈረንጆቹ እስራኤላውያን መሆናቸውን አያውቁም ነበር፣ ለጥንቃቄ ሲባል አልተነገራቸውም። እስቲ አስቡት፣ እናት ልጆቿን ይዛ በሌሊት ማን እንደሆነ የማታውቀው ፈረንጅ የሚነዳው መኪና ላይ ስትወጣ፣ ከዛ አይታው የማታውቀው ባህር ውስጥ ስትገባ። የዛች እናት ምእራፍ የለም። ከጎንደር ሱዳን ድረስ ያለው የእግር መንገድ፣ ሽፍታው፣ ጥሙ፣ ካምፑ ውስጥ ያለቀው ሰው፣ በመንገድና በካምፕ የሞተው ወደ 4 ሺ ይገመታል፣ ይሄ ሁሉ ከሆቴሉ ታሪክ ጋ ሲመዘን አነሰብኝ።

የ1984ቱ ድርቅ ሲመጣ ነገሩ በጀልባም በሄርኩለስም የማይቻል ሆነ፣ ኖቬምበር 1984 ላይ ሰዉን ከካርቱም በትልቅ አውሮፕላን የማውጣት ስራ፣ ኦፕሬሽን ሙሴ፣ ተጀመረ። ይሄን ክፍል በርግ ፈጠን ብሎ ነው የሚያልፈው፣ ቅርም አላለኝም፣ ብዙ ተጽፎበታል። ሙስሊሞችን ወደ መካ የሚያመላልስ አንድ የቤልጂየም አየር መንገድ ነው በሌሊት ከካርቱም ሰዉን የጫነው፣ ባለቤቱ አይሁድ ነበር፣ ከ6 ሺ ሰው በላይ ወጣ፣ ጃንዋሪ 1985 ላይ እስራኤል ውስጥ ወሬው በይፋ ወጣና ሱዳን አቆመችው። የቀሩትን ደግሞ አሜሪካኖች በማርች በራሳቸው አውሮፕላን አወጧቸው። ኤፕሪል ላይ የሱዳኑ ፕሬዚዳንት ኒሜሪ ከስልጣን ሲወርድ የአሩስ ልጆች በቃ ውጡ ተባሉ። በማለዳ ጥርግ ብለው ጠፉ፣ እንግዶቹ ሲነሱ ዳይቪንግ አስተማሪ የለ፣ ማናጀር የለች፣ የቀሩት የአገሬው ሰራተኞች ብቻ። ይሄን ሳነብ ብቻዬን ነው የሳቅኩት፣ ከፍለው የገቡ ቱሪስቶች እኮ ናቸው።

ሌላ አማራጭ ለሚፈልግ። ጋድ ሺምሮን ራሱ አሩስ የሰራ ሰው ነው፣ «ሞሳድ ኤክሶደስ» የሚል መጽሀፍ አለው፣ ቀልድ ይችላል፣ ሆቴሉን ከውስጥ ሆኖ ስለሚያወራ ይጣፍጣል፣ ግን የወታደር ወግ ነው፣ ኢትዮጵያዊ ስም ፍለጋ ከገባችሁ ባዶ እጃችሁን ትወጣላችሁ ማለት ይቻላል። የ2019ኙን የኔትፍሊክስ ፊልም ያያችሁ ደግሞ፣ ናሚቢያና ደቡብ አፍሪካ የተቀረጸውን፣ ክሪስ ኢቫንስ ሸሚዝ እያወለቀ የሚሮጥበትን፣ እሱን እርሱት። ቤተ እስራኤሎችን ከአዲስ አበባ በአውሮፕላን ስላወጣው የ1991ዱ ኦፕሬሽን ሰለሞን ማወቅ የፈለገ የአሸር ናይምን «ሴቪንግ ዘ ሎስት ትራይብ» ይፈልግ፣ ያን ጊዜ አዲስ አበባ የእስራኤል አምባሳደር የነበረው ሰውዬ ነው የጻፈው። መንግስቱ ሄዶ ኢህአዴግ ከተማው ደጃፍ ደርሶ፣ 35 ሚሊዮን ዶላር ተከፍሎ፣ በአንድ ቀን ተኩል ከ14 ሺ ሰው በላይ፣ አንዱ ጃምቦ አውሮፕላን ብቻ ከ1,080 ሰው በላይ ጭኖ። እዛ ላይ ጠመንጃ ሳይሆን ድርድር ነው ያለው፣ ቢሮ ለቢሮ፣ ስልክ፣ ኩርፊያ፣ የደርግን የመጨረሻ ሳምንት ከዛ ማእዘን ማየት ለኛ ሰው ሌላ ጥቅም አለው። ዲፕሎማት ስለሆነ ራሱን ትንሽ ያሞግሳል፣ ቻሉት።

የበርግ እንግሊዝኛ ቀላል ነው፣ ጋዜጣ ማንበብ የሚችል ሰው አይቸገርም፣ ምእራፎቹ አጫጭር ናቸው። ስታነቡ ስልካችሁ ላይ ካርታ ክፈቱ፣ ገዳሪፍ፣ ከሰላ፣ ፖርት ሱዳን የት እንዳሉ ሳታዩ የመንገዱ ርቀት አይገባችሁም። ስጦታ ለምትፈልጉ ደግሞ እስራኤል ተወልዶ አማርኛ ለሚያዳግተው ወጣት ጥሩ ነው፣ ወላጆቹ በሱዳን የመጡ ከሆነ ግን እናቱ የምትለውና መጽሀፉ የሚለው ላይገጥም ይችላል፣ ያኔ እናቱን ይመን።

ከ5 4 ሰጥቼዋለሁ። የጎደለችው አንዷ የኮሚቴዎቹ ናት።