ድሬዳዋ ወይስ ሐረር? ጥንታዊ ቦታና የመንገድ ዳር ምግብ በአንድ ቀን

ጠዋት ጥንታዊ ቦታ አይቶ፣ ከሰዓት የመንገድ ዳር ምግብ ቀምሶ መመለስ። በምሥራቁ በኩል ይህን የሚያጣምሩ የአንድ ቀን ጉብኝቶች ስማቸው ብዙ ነው፤ ሲጨመቁ ግን ሦስት ናቸው። አንደኛው የሀርላን ፍርስራሽ ከድሬዳዋው ከፊራ ገበያ ጋር ያገናኛል። ሁለተኛው ድሬ አጠገብ ያሉትን ዋሻዎች ያሳይና ከተማ ውስጥ ያበላል። ሦስተኛው ሐረር ጀጎል ነው። ጥንታዊውም ቦታ፣ ምግቡም እዚያው ግንቡ ውስጥ ነው። አራተኛም አለ፤ «ሁለቱንም ከተማ በአንድ ቀን» የሚባለው። እሱን መጨረሻ ላይ አነሳዋለሁ።

ምርጫዬን ከወዲሁ ልናገር። ያላችሁ አንድ ቀን ብቻ ከሆነና ወደዚህ ስትመጡ የመጀመሪያችሁ ከሆነ ሐረርን ምረጡ። ሐረርን አይታችሁ ከሆነ ወይም የተቆፈረ ከተማ በዓይናችሁ ማየት ከፈለጋችሁ ሀርላና ከፊራ ይሻላችኋል። ዋሻው ጠንካራ እግርና ለጥንት ታሪክ የተለየ ፍቅር ላለው ሰው ነው። አሁን ምክንያቱን ልዘርዝር።

ሀርላና ከፊራ

ሀርላ ከድሬዳዋ ወደ 15 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ዛሬ ገበሬዎች የሚኖሩበት መንደር ነው፤ ፍርስራሹ ከቤትና ከእርሻ ጋር ተቀላቅሏል። የጥንቱ ግንብ ድንጋዮች ትልልቅ ናቸው። የአካባቢው ሰው «ይህን የሠሩት ግዙፋን ናቸው» ሲል የኖረው ለዚህ ነው። ገበሬው እርሻው ላይ አልፎ አልፎ የቻይና ሳንቲም ያገኝ ነበር። እ.ኤ.አ. ከ2015 ጀምሮ የእንግሊዙ ኤክሰተር ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ከአገራችን የቅርስ ባለሥልጣን ጋር ሆነው መቆፈር ጀመሩ። በ2017 ይፋ ያደረጉት ነገር ብዙ ሰው አስገርሟል። በ12ኛው መቶ ዘመን የተሠራ መስጊድ፣ የሙስሊም መቃብሮች፣ የመስታወት ዶቃ፣ ከሩቅ ባሕር የመጣ ዛጎል፣ የቻይና ሸክላ፣ የ13ኛው መቶ ዘመን የግብፅ ሳንቲሞች አገኙ። ብር፣ ነሐስና የከበረ ድንጋይ እየተሠራ ጌጥ የሚወጣበት ቦታም ነበር። የመስጊዱ አሠራር ደቡብ ታንዛኒያና ሶማሌላንድ ካሉት ጋር ይመሳሰላል። ከባሕር የራቀች፣ ተራራ ላይ ያለች ከተማ ከቀይ ባሕርና ከሕንድ ውቅያኖስ ጋር ትነግድ ነበር ማለት ነው።

ይህን ሁሉ ግን ሜዳው ብቻውን አይነግራችሁም። ዕቃዎቹ ከመሬት ወጥተዋል። ቁፋሮ ሲያልቅ ጉድጓዱ ብዙ ጊዜ ተመልሶ ይደፈናል። ስለዚህ የሀርላ ጉብኝት ዋጋው ያለው አስጎብኚው ላይ ነው። ጥሩ አስጎብኚ የመስጊዱን አቅጣጫ ያሳያችኋል። ጌጥ ሠሪው የት ይሠራ እንደነበር፣ ዶቃው በየት በኩል እንደመጣ ያስረዳችኋል፤ የመንደሩንም ሽማግሌ ያገናኛችኋል። ደካማው ደግሞ «ይኸውላችሁ ሀርላ» ብሎ ፎቶ ያስነሳና ወደ መኪና ይመልሳችኋል። ከመክፈላችሁ በፊት በስልክ አንድ ጥያቄ ጠይቁት፦ «ሀርላ ላይ ምን ምን ታሳየናለህ?» መልሱ ከሁለት ዓረፍተ ነገር ካላለፈ ሌላ ሰው ፈልጉ።

ከሀርላ ስትመለሱ ድሬ ሞቃለች። እዚህ ላይ ብዙ ፓኬጆች ይሳሳታሉ። ጠዋት ሀርላ፣ ቀትር ላይ ከፊራ ብለው ያቅዳሉ። ቀትር ላይ ድሬ የመንገድ ምግብ ከተማ አይደለችም። ሙቀቱ ሰው ከቤት አያስወጣም፤ ከምሳ በኋላ ያለው ጊዜም የበርጫ፣ ማለትም የጫት ሰዓት ነው። ሱቁ ይዘጋል፣ ባለሱቁ ጥላ ፍለጋ ይገባል። ከተማዋ የምትነቃው ከቀኑ 10 ሰዓት በኋላ ነው። ፕሮግራሙ ላይ ቅምሻው 7 ሰዓት ከተባለ «ወደ 10 ሰዓት ይዞርልን» በሉ። በመሐሉ ያለውን ጊዜ ከዚራ ዛፎች ሥር አሳልፉት። ከዚራ ባቡሩ እ.ኤ.አ. በ1902 ድሬ ሲደርስ የተቆረቆረው ሰፈር ነው፤ መንገዱ ቀጥ ያለ፣ ጥላው የሚያሳርፍ። የድሮውን ባቡር ጣቢያ ከውጭም ቢሆን ማየት አይከፋም።

ከዚያ ከተማዋን የሚከፍለውን ደረቅ ወንዝ፣ ደቻቱን ተሻግራችሁ ወደ ከፊራ። ያ ቅስት ያለው የገበያ በር ሲታያችሁ ደርሳችኋል። ሳምቡሳ፣ ባጂያ ከሚያቃጥል ዳጣው ጋር፣ የተቆላ ለውዝ፣ ሀልዋ፣ ቴምር። እኔ እንግዳ ስወስድ ግን መጀመሪያ የማቆመው ፋቲራ የሚጋግር ሰው ፊት ነው። የሊጧን ድቡልቡል በዘይት እጁ ይደፈጥጣታል። አንስቶ ጠረጴዛው ላይ ያጋጫታል፣ ደግሞ ያነሳታል። በሦስተኛው ወይም በአራተኛው ላይ ሊጡ በጣም ስለሚሳሳ ከሥሩ ያለው ጠረጴዛ ይታያል። እንቁላል ያፈስበታል፣ አራቱን ጠርዝ ወደ መሐል ያጥፋል፣ ምጣዱ ላይ ይጥለዋል። ሲቀላ ቆራርጦ ማር ያፈስበታል። ከወተት ሻይ ጋር ነው የሚበላው፤ እዚያው ቆማችሁ፣ ሳይቀዘቅዝ። ምግብ ቤት አስገብቶ ሜኑ የሚያስነብባችሁ ፓኬጅ ይህን አያሳያችሁም። «የመንገድ ዳር ቅምሻ» የተባለው በእውነት መንገድ ዳር መሆኑን አረጋግጡ።

ዋሻዎቹ

ፖርክ ኤፒክ ከድሬዳዋ በስተደቡብ ጥቂት ኪሎ ሜትር ላይ ነው። ለከተማው እጅግ ቅርብ ሆኖ እጅግ ጥቂት ሰው የሚያውቀው ቦታ ይኸው ይመስለኛል፤ ያሳዝነኛልም። እ.ኤ.አ. በ1929 ፈረንሳዮቹ ቴያር ደ ሻርዳንና ሄንሪ ደ ሞንፍሬ አገኙት፤ በ1933 ተቆፈረ። በኋላ የተደረጉ ጥናቶች ወደ 40,000 ዓመት ገደማ በፊት እዚህ የነበሩ ሰዎች ቀይ አፈር እየፈጩ ቀለም ያወጡ እንደነበር አሳይተዋል። ከዋሻው የወጣው የቀለም አፈር ከ4,200 ስብርባሪ በላይ ነው፤ ሲመዘን 40 ኪሎ ይደርሳል። የሚፈጩበትም ድንጋይ ቀለሙ እንደነካው ተገኝቷል።

ወደ ዋሻው የሚያወጣው መንገድ ቀጥ ያለ ገደል ነው። ሕፃን ይዞ፣ አዛውንት ይዞ አይሞከርም። በግድግዳው ላይ ያሉት ሥዕሎችም በጣም ደብዝዘዋል፤ ሥዕል ለማየት ብቻ ከሆነ አትውጡ። ለሥዕል የሚሻለው ለገ ኦዳ ነው። እሱ ከድሬ በስተደቡብ ምዕራብ ከ30 ኪሎ ሜትር በላይ ይርቃል፤ በቀይና በሌላም ቀለም የተሣሉ ከብቶችና ሰዎች ረጅም የድንጋይ ጥላ ሥር ተደርድረዋል። በኮንትራት ጠንካራ መኪና ያስፈልጋል። የመንደሩን ሰው የሚያውቅ አስጎብኚ ግዴታ ነው፤ ያለ እሱ መንገዱም አይገኝም፣ ሰላምታውም አያምርም። ቀኑ ለጉዞው ስለሚሄድ ምግቡ ይሳሳል፤ ማታ ድሬ ደርሶ ከመብላት ያለፈ አትጠብቁ።

አንድ ነገር በጥብቅ ላሳስብ። በክረምት ከሰዓት በኋላ ወደ ፖርክ ኤፒክ በደቻቱ ሸለቆ አትግቡ። ድሬ ላይ ፀሐይ እያለ ከላይ ደጋው ላይ ሲዘንብ ደረቁ ወንዝ በድንገት ይሞላል። ሐምሌ 1998 ዓ.ም. በሌሊት የመጣው ጎርፍ ከ200 በላይ ሰው ገድሏል። «ችግር የለም» የሚል አስጎብኚ ካጋጠማችሁ ከእሱ ጋር አትሂዱ።

ሐረር

ሐረር ላይ ፍርስራሽ አትፈልጉ። ግንቡ ቆሟል፣ ሰው ይኖርበታል፣ ምግቡ እዚያው ይሠራል። ዩኔስኮ ጀጎልን እ.ኤ.አ. በ2006 በዓለም ቅርስነት ሲመዘግብ 82 መስጊዶችና 102 አድባራተ ወሊዮች ቆጥሮለታል። ከመስጊዶቹ ሦስቱን ከ10ኛው መቶ ዘመን ጀምሮ የነበሩ ናቸው ይላል። ከተማዋ እ.ኤ.አ. በ1520 የአዳል ሱልጣኔት መቀመጫ ሆነች፤ በዚያው መቶ ዘመን አሚር ኑር ግንቡን አጠናክረው ዛሬ የምናየውን መልክ ሰጡት። አምስት የጥንት በሮች አሉት። ሁሉም 48 ሄክታር ላይ ነው። ስለዚህ መኪና አያስፈልጋችሁም። «ሙሉ ቀን መኪና» ተብሎ ዋጋው ከፍ ያለ የሐረር ፓኬጅ ካያችሁ፣ ለቆመ መኪና እየከፈላችሁ ነው።

ጥሩው መንገድ ጠዋት 2 ሰዓት ላይ ከሸዋ በር ይጀምራል። ገበያው ትኩስ ነው፣ ሳምቡሳው ከዘይት እየወጣ ነው። ከዚያ በጠባቦቹ መንገዶች ወደ ውስጥ። መኪና ግርግር የሚሉት የልብስ ሰፊዎች መንገድ ላይ የሲንጀር ስፌት መኪናው ድምፅ ጆሮ ይሞላል። የራስ ተፈሪ ቤት በሚባለው ያለው የሸሪፍ ሙዚየም የአንድ ሐረሬ የግል ስብስብ ነው። የብራና መጻሕፍት፣ ሳንቲም፣ ጌጣጌጥ፤ አትዝለሉት። የፈረንሳዊው ገጣሚ የራምቦ ቤት ደግሞ የድሮ ፎቶዎች ስላሉት ይታያል፤ ገጣሚው ሐረር የገባው እ.ኤ.አ. በ1880 ነው፣ ቤቱ ግን እሱ የኖረበት አይደለም። ሰዓት ካጠራችሁ እሱን ተዉት።

ጊድር መጋላ፣ ሥጋ ተራው፣ የዚህ ጉብኝት ልብ ነው። ሥጋ ሻጮቹ ትርፍራፊ ሲወረውሩ ጭልፊቶቹ ከጣሪያው ላይ ይወረወራሉ። አስጎብኚው የግመል ሥጋ ቁራጭ ገዝቶ መዳፋችሁ ላይ ያደርግላችኋል። ክንዳችሁን ዘርጋ አድርጋችሁ ትቆማላችሁ። ወፉን አታዩትም፤ ጆሯችሁ ሥር ነፋስ እፍ ይላል፣ መዳፋችሁ ባዶ ነው። ቁራጩን ከፍ አድርጋችሁ፣ ከፊታችሁ አርቃችሁ ያዙ። ልጆችን በዚህ ላይ አታስገድዱ።

የሐረር ምግብ ሁሉም መንገድ ላይ አይገኝም፤ ይህን ሻጩ አይነግራችሁም። ሳምቡሳ፣ ፉል፣ ሀልዋ፣ ለውዝ፣ በወቅቱ በለስና ማንጎ ደጅ ላይ ናቸው። ሆጃና ኩቲ፣ ከቡና ገለባና ከቡና ቅጠል የሚፈሉት፣ እንዲሁም አብሽ ያለበት ሁልበት መረቅ ግን በአብዛኛው የቤት ናቸው። ስለዚህ የአደሬ ቤት ውስጥ መቀመጥን ያካተተ ፓኬጅ ካገኛችሁ ጥቂት ጨምራችሁ እሱን ውሰዱ። ነደባው፣ ማለትም የቤቱ መደብ ላይ ተቀምጣችሁ፣ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን ሙዳይና ሳህን እያያችሁ ሆጃ ስትጠጡ ጀጎል ይገባችኋል። ጫማችሁን አውልቁ፤ ከፍ ያለው ነደባ የአባወራው ስለሆነ የት እንደምትቀመጡ የቤቱን እመቤት ጠይቁ።

ጅብ ማብላቱስ? ማታ ነው፣ ከጨለመ በኋላ፣ ከግንቡ ውጭ። አብዛኛው የቀን ጉብኝት ስሙን ፖስተሩ ላይ ያወጣዋል እንጂ ዋጋው ውስጥ አያስገባውም። ጅቡን ለሚያበላው ሰው የሚከፈለው ለብቻ ነው። ማታ ድሬ ለመመለስ ካሰባችሁም የደንገጎን ጠመዝማዛ በጨለማ መውረድ ይሆናልና፣ ጅብ ማየት የፈለገ ሰው ሐረር ይደር።

«ሁለቱንም በአንድ ቀን»

ከድሬ ሐረር 55 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ ከ1,200 ሜትር አካባቢ ወደ 1,900 ሜትር ገደማ መውጣት ነው። በወረቀት ላይ ቀላል ይመስላል። በተግባር በአወዳይ የጫት ገበያ መጨናነቅ አለ፣ ሐረማያ ላይ ፎቶ አለ፣ ቀትር ላይ ደርሶ የተዘጋ ሙዚየም አለ። ሁለት ከተማ ከፍላችሁ የአንዷን ግማሽ ታያላችሁ። አልመክረውም።

ሁለቱን አካባቢ ከሚያጣምሩት መንገዶች የሚሠራው አንድ ብቻ ነው። ከድሬ ጠዋት 12 ሰዓት ተኩል ተነስቶ በመንገድ ሀርላን ማየት፣ 4 ሰዓት ላይ ሐረር መግባት፣ ከዚያ ድሬን ረስቶ ሐረር ማደር። ታሪኩም ይገጥማል። ሀርላ በ15ኛው መቶ ዘመን ገደማ ሰው አጥታ ስትቀር ሐረር በቀጣዩ መቶ ዘመን ገናና ሆናለች። በዚህ ቅደም ተከተል ያየ ሰው የጀጎልን ግንብ በሌላ ዓይን ያየዋል።

ገንዘቡ ላይ

ዋጋ ስትጠይቁ «በሰው ነው በመኪና?» በሉ። ሀርላና ለገ ኦዳ በመኪና ስለሚሰሉ አራት ሆኖ መሄድ ያዋጣል፤ ሐረር በአስጎብኚ ስለሚሰላ ለብቻ የመጣ ሰውም አይጎዳም። የመግቢያ ክፍያ፣ የአካባቢው ሰው ክፍያና ቅምሻው ውስጥ መሆናቸውን በጽሑፍ በቴሌግራም አስልኩ። ቅምሻው «እስከ ጥጋብ» ነው ወይስ በቁጥር? ሳምቡሳና ሻይ ብቻ ሰጥቶ «ቅምሻ» የሚል አለ። መንገድ ላይ አግኝቷችሁ «ና ላሳይህ» የሚል ደላላ ሳይሆን መታወቂያ ያለውን አስጎብኚ ያዙ። ቀብድ ከከፈላችሁም ሩቡን አትለፉ።

የምትሄዱት በረመዳን ከሆነ ደግሞ ሁሉም ነገር ይገለበጣል። ቀን ላይ የመንገድ ዳር ምግብ የለም፤ ጉብኝቱን ከ10 ሰዓት በኋላ ጀምራችሁ ማፍጠሪያ ላይ መድረስ ነው። ሙሽበክ፣ ሳምቡሳና ቴምር በአንዴ ደጅ ይወጣል። ዓመቱን ሙሉ ከሚቀርበው ቅምሻ ሁሉ ያ ምሽት ይበልጣል፤ በሁለቱም ከተማ።