ፖንቲፑል፦ በጆሮ የሚገባ ፍርሃት

ይህን ፊልም ያየ ሰው ሳገኝ ደስ ይለኛል። ችግሩ ብዙም አላገኝም።

«ፖንቲፑል» በ2008 የወጣ፣ በትንሽ በጀት የተሠራ የካናዳ ሆረር ነው። ዳይሬክተሩ ብሩስ ማክዶናልድ ይባላል። ታሪኩ የተወሰደው ቶኒ በርጀስ በ1998 ካሳተመው ልቦለድ ነው። ብዙ ጊዜ «የዞምቢ ፊልም» ተብሎ ይተዋወቃል። ዞምቢ ፈልጎ የገባ ሰው ግን ለረጅም ጊዜ የሚያየው ሦስት ሰዎች ስቱዲዮ ውስጥ ሲነታረኩ ነው። እኔ ደግሞ የወደድኩት እሱን ነው።

ግራንት ማዚ አፉ ከትልቅ ቦታ ያስባረረው የሬዲዮ ሰው ነው። አሁን ኦንታሪዮ ውስጥ ባለች ትንሽ ከተማ የጠዋት ፕሮግራም ያቀርባል። ስቱዲዮው ቤተ ክርስቲያን ምድር ቤት ውስጥ ነው። ውጭ በረዶ ይጥላል። ከፕሮዲዩሰሯ ከሲድኒ ጋር አይግባቡም፤ ቴክኒሻኗ ሎሬል አን መሃል ላይ ናት። ማዚን የሚጫወተው ስቲቨን መክሃቲ ነው፤ ሲድኒን የምትጫወተው ሊሳ ሁል በእውን ሚስቱ ናት። ጭቅጭቃቸው እንዲህ የጣፈጠው ለዚህ ይሆን?

ከዚያ ወሬ መምጣት ይጀምራል። ሰዎች አንድ የሐኪም ቢሮ ከበዋል። ለምን እንደሆነ ማንም አያውቅም። ዘጋቢው ኬን «ከሄሊኮፕተር ላይ» ነው የሚያወራው፤ እውነቱን ለመናገር ኮረብታ ላይ መኪናው ውስጥ ተቀምጦ የሄሊኮፕተር ድምፅ ያጫውታል። መጀመሪያ ሳቅሁበት። በኋላ ያው ሰው ተደብቆ ሲደውልና ስልኩን ቆስሎ ወደ ወደቀ ልጅ አፍ ሲያስጠጋ ግን ሳቁ ጠፋ። ምን እንደሚሰማ አልነግራችሁም። ካሜራው ከስቱዲዮው ንቅንቅ አይልም። የምናየው የሚያዳምጡትን ሰዎች ፊት ብቻ ነው። ታሪኩ የሬዲዮ ድራማ ሆኖም መሠራቱ አይገርምም።

በሽታው የሚተላለፈው በንክሻ አይደለም። በንግግር ነው። እንግሊዝኛው ራሱ ተበክሏል፤ በተለይ የፍቅር አጠራሮቹ፣ ያውም በቫለንታይን ቀን! የተያዘው ሰው አንድ ቃል ላይ ይቸክልና ይደጋግማል፤ ቀስ በቀስ ንግግሩ ይደበላለቃል፤ መጨረሻው የሌላ ሰው አፍ ላይ መዝመት ነው። አሁን ምላሱ እንጀራው የሆነን ሰው «ዝም ካላልክ ሰው ትገድላለህ» በሉት።

ልቦለዱ አንድ ቦታ አይቀመጥም። ከሰው ወደ ሰው፣ ከቅዠት ወደ ቅዠት ይዘላል። የፊልሙን ጽሑፍ የጻፈው ራሱ በርጀስ ነው፤ ሐሳቡን ይዞ አብዛኛውን ታሪክ ጥሎታል። የገዛ መጽሐፉን እንዲህ ለመቁረጥ የሚጨክን ደራሲ ብዙ አይገኝም። መጽሐፉን በታማኝነት ቢከተል ኖሮ ምናልባት ማንም አይጨርሰውም ነበር።

እንከን አለው። ቢሮው የተከበበው ሐኪም፣ ዶክተር ሜንዴዝ፣ ስቱዲዮው ከገባ ጀምሮ ፊልሙ ማብራራት ያበዛል። እኛ ቀድመን በፍርሃት የገባንን ነገር እሱ እንደ ሌክቸር ይተነትነዋል። ፊታቸውን ቀብተው ዐረብ መስለው የሚዘፍኑት ሰዎች ትዕይንትም ያሳፍራል፤ ቢቆረጥ የሚጎድል ነገር የለም። ከስም ዝርዝሩ በኋላ ያለችውን አጭር ትዕይንት በተመለከተ፣ ከገባችሁ አስረዱኝ።

ሩጫና ተኩስ ለሚወድ ሰው አልመክረውም፤ ይሰለቸዋል። ሌሎቻችሁ በማታ፣ በጥሩ ሄድፎን እዩት። በስልክ ስፒከር ከሆነ ይቅርባችሁ፣ ግማሹ ፊልም ያመልጣችኋል። መጽሐፉም ካማራችሁ ፊልሙን አስቀድሙ፤ በርጀስ በወረቀት ላይ ለአንባቢ አያዝንም።