ሦስት ሰዓት ተኩል በፍሎረንስ፦ ከአስጎብኚ ጋር በእግር ያየሁት የህዳሴ ዘመን ጥበብ

በኢጣሊያዋ ከተማ በፍሎረንስ በቆየሁባቸው አራት ቀናት ከተማዋን ሁለት ጊዜ ከአስጎብኚ ጋር ዞሬአታለሁ። የመጀመሪያው ጉብኝት አርባ ያህል ሰው ባንዲራ የያዘ ወጣት እየተከተለ የሚሮጥበት፣ በየትኛውም ሥራ ፊት ከሦስት ደቂቃ በላይ የማይቆምበት ስለነበር፣ ማታ ወደ ማረፊያዬ ስመለስ ካየሁት ሁሉ አንዱን እንኳ አስተካክዬ ለሰው መግለጽ አልቻልኩም። ይህን ጽሑፍ ያስጻፈኝ ሁለተኛው ነው። ቡድኑ ትንሽ ነው፣ ሦስት ሰዓት ተኩል ይፈጃል፣ የሚያሳየውም ጥቂት ቦታ ብቻ ነው። ለአንድ ሰው 75 ዩሮ ከፍያለሁ፤ ርካሽ አይደለም፤ ነገር ግን ገንዘቡ የሚያወጣውን ያህል አግኝቼበታለሁ። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጉዞው የሚጀምረው ብዙ ሰው እንደሚጠብቀው ከታላቁ ካቴድራል ሳይሆን፣ በሳንቲሲማ አኑንዚያታ አደባባይ ከሚገኘው ከቀድሞው የሕፃናት ማሳደጊያ፣ ከኦስፔዳሌ ዴሊ ኢኖቼንቲ ነው። አርክቴክቱ ፊሊፖ ብሩኔሌስኪ በ1419 ሥራውን ሲጀምር ወጪውን የቻለው የከተማዋ የሐር ነጋዴዎች ማኅበር ነበር። አስጎብኚያችን በዕድሜ ገፋ ያሉ የሥነ ጥበብ ታሪክ ባለሙያ ናቸው፤ ስለ ዘመኑ አንድ ቃል ሳይናገሩ በፊት ከአንዱ ዓምድ እስከ ቀጣዩ ዓምድ በእርምጃችን እንድንለካ፣ ቀጥሎም ከዓምዱ እስከ ኋላው ግድግዳ እንድንለካ ጠየቁን። እርምጃችን እኩል ሆነ። ከዚያም ቀና ብለን የዓምዱን ቁመት እንድናይ አደረጉና እርሱም ከዚሁ ልክ ጋር እንደሚገጥም ነገሩን። የህዳሴ (የሬኔሳንስ) ዘመን ሕንፃ ለምን ዓይንን እንደሚያሳርፍ ከብዙ መጽሐፍ ያልተረዳሁትን ያን ጠዋት በእግሬ ለክቼ ተረዳሁት።

ከቅስቶቹ በላይ በሰማያዊ መደብ ላይ በነጭ የሚታዩት፣ በጨርቅ የተጠቀለሉት ሕፃናት የአንድሬያ ዴላ ሮቢያ የሸክላ ሥራዎች ናቸው። ወደዚህ ቤት የገባችው የመጀመሪያዋ ሕፃን በፌብሩዋሪ 5 ቀን 1445 የመጣች ሴት ልጅ ስትሆን አጋታ ስሜራልዳ ተብላ ተሰይማለች። በሙዚየሙ ውስጥ ለሁለት የተሰበሩ ትንንሽ ሜዳሊያዎች ይታያሉ፤ እናቲቱ አንዱን ግማሽ ከልጇ ጋር ትታ ሌላውን ይዛ ትሄድ የነበረው፣ አንድ ቀን ተመልሳ ልጇን ለመለየት ተስፋ በማድረግ ነው። አስጎብኚያችን ይህን ሲናገሩ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ፤ ለጥቂት ጊዜም ዝም ብለን ቆምን።

ከአደባባዩ ወደ ካቴድራሉ የሚወስደው የቪያ ዴይ ሴርቪ መንገድ ቀጥ ያለ በመሆኑ፣ የሳንታ ማሪያ ዴል ፊዮሬ ጉልላት ከሩቅ ጀምሮ በቤቶቹ መካከል እየገዘፈ ይመጣል። ካቴድራሉ በ1296 ሲጀመር ይህን የሚያህል ክፍተት እንዴት እንደሚሸፈን በትክክል የሚያውቅ አልነበረም። ስፋቱ 45 ሜትር ገደማ ስለሆነ፣ እንደ ልማዱ ከሥር በእንጨት ደግፎ መገንባት የማይታሰብ ነበር። ብሩኔሌስኪ ከ1420 እስከ 1436 ያለዚያ ድጋፍ ገነባው። እንዴት እንደሆነ ለማስረዳት አስጎብኚያችን ከቦርሳቸው ትንንሽ የእንጨት ቁራጮችን አውጥተው በደረጃ ላይ ደረደሩ፤ ጥቂቶቹን አጋድመው አንዳንዶቹን በየመካከሉ አቆሙ። የቆሙት ጡቦች የተጋደሙትን እንዳይንሸራተቱ ይይዛሉ፤ ረድፉም እንደ ዓሣ አጥንት እየተጠማዘዘ ወደ ላይ ይወጣል፤ እያንዳንዱ ዙር ሲጠናቀቅ ራሱን ችሎ ስለሚቆም ቀጣዩን ለመሸከም ዝግጁ ይሆናል። ጉልላቱ ደግሞ አንድ ሳይሆን ሁለት ነው፤ አንዱ በሌላው ውስጥ ሆኖ የተሠራ ነው፤ 463ቱን ደረጃዎች የሚወጣ ሰው የሚያልፈው በሁለቱ መካከል ነው። መውጣቱ በጉብኝቱ ውስጥ አይካተትም፤ ሰዓት የተወሰነለት ትኬት አስቀድሞ መቁረጥ ያስፈልጋል። በካቴድራሉ የፊት ገጽ ላይ ያለውን ባለ ቀለም እብነ በረድ ብዙ ሰው ፎቶ የሚያነሣው የህዳሴ ዘመን ሥራ መስሎት ነው፤ የተጠናቀቀው ግን በ1887 መሆኑን አስጎብኚያችን በአንድ ዓረፍተ ነገር ነግረውን አለፉ፤ ጥሩም አደረጉ።

እኔ ለሌላ ሰው አጥብቄ የምመክረው ግን ቀጥሎ ያለውን፣ በካቴድራሉ ሙዚየም ውስጥ ያሳለፍነውን ሃምሳ ደቂቃ ነው። ቀራጺው ሎሬንዞ ጊቤርቲ ከ1425 እስከ 1452 የሠራው፣ የገነት በር ተብሎ የሚጠራው በወርቅ የተለበጠ የነሐስ በር ዋናው እዚህ በመስታወት ውስጥ ይገኛል፤ በካቴድራሉ ፊት ለፊት ባለው ቤተ ጥምቀት ላይ የተሰቀለው አምሳያው ነው። በኖቬምበር 4 ቀን 1966 የአርኖ ወንዝ ከተማዋን ሲያጥለቀልቅ ከአሥሩ ሠሌዳዎች አምስቱ ተነቅለው ወድቀው ነበር፤ ጥገናው ብዙ ዓመታት ወስዷል። እያንዳንዱ ሠሌዳ ከብሉይ ኪዳን ብዙ ታሪኮችን በአንድነት ይተርካል፤ የይስሐቅ፣ የዮሴፍ፣ የዳዊት ታሪኮች በየሠሌዳው ተደራርበዋል። ከሥር በስተቀኝ ያለው የመጨረሻው ሠሌዳ ብቻ አንድ ታሪክ ይዟል፤ እርሱም የንግሥተ ሳባና የሰሎሞን መገናኘት ነው።

በርከክ ብዬ ነው ያየሁት። ሁለቱ በሠሌዳው መካከል፣ በትልቅ ቤተ መቅደስ ፊት፣ እጅ ለእጅ ተያይዘው ቆመዋል፤ አጀባቸው ከግራና ከቀኝ ከሥር እስከ ደረጃው ድረስ ሞልቷል። ከፊት ያሉት ሰዎች ከነሐሱ ወጥተው የሚመጡ ይመስላሉ፤ ከኋላ ያሉት ደግሞ እየሳሱ ሄደው በጥፍር የተጫሩ ያህል ይቀራሉ። ከልጅነቴ ጀምሮ የማውቃት ንግሥት በቆዳ ላይ በተደረደሩ ሥዕሎች ከአክሱም ተነሥታ በመርከብና በግመል የምትጓዝ ናት፤ እዚህ ግን የፍሎረንስ እመቤት ሆና በክብር ቆማለች። አንዳንድ የሥነ ጥበብ ታሪክ ተመራማሪዎች ይህን መገናኘት፣ የምሥራቅና የምዕራብ አብያተ ክርስቲያናት በ1439 እዚሁ ከተማ ካደረጉት የአንድነት ጉባኤ ጋር ያያይዙታል፤ አስጎብኚያችንም ይህንኑ ነገሩን።

ያልነገሩን ነገር ግን ነበር፤ በጉብኝቱ ላይ ያለኝ ዋና ቅሬታም ይኸው ነው። በ1441፣ በዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ ዘመነ መንግሥት፣ በኢየሩሳሌም የኢትዮጵያውያን ገዳም አበምኔት በአባ ኒቆዲሞስ የተላኩ መነኮሳት ወደዚህች ከተማ መጥተው በሮማው ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት በአውጄንዮስ አራተኛ ፊት ቀርበዋል። እነርሱ ሲመጡ ጉልላቱ ከተጠናቀቀ ገና አምስት ዓመቱ ነበር፤ በአናቱ ላይ አሁን የምናየው ፋኖስ የሚባለው ትንሽ የእብነ በረድ ማማም አልተሠራም። ጊቤርቲ ይህንኑ በር በመሥራት ላይ ነበር። ወገኖቻችን የህዳሴን ጥበብ ያዩት በሙዚየም ሳይሆን ገና ሲሠራ ነው ማለት ነው። የፍሎረንሱ ተወላጅ ቀራጺ ፊላሬቴ በሮም ለቅዱስ ጴጥሮስ ቤተ ክርስቲያን በሠራው፣ በ1445 በተጠናቀቀው የነሐስ በር ላይም ልዑካኑን ቀርጿቸዋል። ይህን ለአስጎብኚያችን ስነግራቸው አላቋረጡኝም፤ ማስታወሻ ደብተራቸውን አውጥተው ዓመተ ምሕረቱን ጻፉ፤ የመነኮሳቱንም አመጣጥ ደግሜ እንድነግራቸው ጠየቁኝ። የጉባኤውን ታሪክ በዝርዝር የሚናገር ጉብኝት ግን የኢትዮጵያውያኑን መምጣት ሊዘለው አይገባም ነበር።

ከሙዚየሙ ወጥተን ወደ ኦርሳንሚኬሌ ሄድን። ቀድሞ የእህል ገበያ የነበረው ይህ ሕንፃ፣ በውጭ ግድግዳው እንደ መስኮት በተቦረቦሩ ማረፊያዎች ውስጥ የከተማዋ የሙያ ማኅበራት ያሠሯቸው የቅዱሳን ሐውልቶች ቆመውበታል። የጦር መሣሪያ ሠሪዎቹ ድርሻ ቅዱስ ጊዮርጊስ ነበር፤ የሠራውም ቀራጺው ዶናቴሎ ነው። ውጭ ያለው ቅጂ ሲሆን ዋናው በባርጄሎ ሙዚየም ይገኛል። እኛ ሰማዕቱን በነጭ ፈረስ ላይ ሆኖ ለማየት ስለለመድን በእግሩ ቆሞ፣ ጋሻውን መሬት ላይ አስደግፎ፣ ግንባሩን ቋጠር አድርጎ ሲጠብቅ ማየት መጀመሪያ እንግዳ ይሆናል። ፈረሱና ዘንዶው ከእግሩ ሥር ባለው ጠባብ እብነ በረድ ላይ አሉ፤ ልዕልቲቱም እጆቿን አጣምራ ቆማለች። ቅርጹ በጣም ስስ በመሆኑ የሚታየው ብርሃን ከጎን ሲወርድበት ነው፤ አስጎብኚያችንም ጉብኝቱን በጠዋት የሚጀምሩበት አንዱ ምክንያት ይህ መሆኑን ገለጹልን።

ስለ አገልግሎቱ ጥቂት ነገር ልበል። ቡድኑ ከአሥራ ሁለት ሰው እንደማይበልጥ ተነግሮን ሳለ አሥራ አራት ሆነን ተገኘን፤ የጆሮ ማዳመጫዬም ካቴድራሉ አካባቢ በተደጋጋሚ ተቋርጦብኛል። የመግቢያ ትኬቶች በዋጋው ውስጥ እንዳልተካተቱ በግልጽ የተጻፈው በመጨረሻው የክፍያ ገጽ ላይ ነው፤ ይህ መታረም አለበት። ለእረፍት የተሰጠን ጊዜ አሥር ደቂቃ ብቻ በመሆኑ አረጋዊ ወላጅ ይዞ ለሚሄድ ሰው ይከብዳል። የፒያሳ ዴላ ሲኞሪያን አደባባይ አቋርጠን ያለፍነው ሳንቆም ነው፤ በእኔ አስተያየት ግን ይህ ጉድለት አይደለም፤ እዚያ የቆመው የሚኬላንጄሎ የዳዊት ሐውልት ቅጂ ነው፤ ዋናውን፣ ከአምስት ሜትር በላይ ቁመት ያለውን፣ በአካዴሚያ ሙዚየም ሄዶ ማየት ይሻላል። ገለጻው በእንግሊዝኛ ነው፤ አነጋገራቸው ዝግ ያለና የጠራ ስለሆነ መካከለኛ እንግሊዝኛ ያለው ሰው ይከታተለዋል።

ጉብኝቱ የሚያበቃው በሳንታ ማሪያ ኖቬላ ቤተ ክርስቲያን፣ በማሳቾ የሥላሴ ሥዕል ፊት ነው። ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳቱ በጉባኤው ዘመን ያረፉት በዚሁ ገዳም ስለነበር፣ የመነኮሳቱ ነገር ከአእምሮዬ ሳይወጣ ነው የገባሁት። ማሳቾ ይህን በ1420ዎቹ አጋማሽ ላይ ሣለ፤ በ1428 ሲሞት ሠላሳ ዓመት እንኳ አልሞላውም። አስጎብኚያችን ወለሉ ላይ አንድ ቦታ መርጠው በየተራ አቆሙን። ከዚያች ቦታ ሲታይ ጠፍጣፋው ግድግዳ ተከፍቶ ከኋላው ቅስት ጣሪያ ያለው ክፍል ያለ ይመስላል፤ አንድ እርምጃ ወደ ጎን ስል ግን ያ ጥልቀት ተዛባብኝ። ሠዓሊው በእርጥቡ ልስን ላይ ክር ወጥሮ ያሰመራቸው መስመሮች ዛሬም ቀረብ ብሎ ለሚያይ ሰው ይታያሉ። ከሥር የተጋደመ አፅም አለ፤ ከላዩም አፅሙ ራሱ እንደሚናገር ሆኖ፣ እናንተ የሆናችሁትን እኔም ነበርኩ፣ እኔ የሆንኩትን እናንተም ትሆናላችሁ የሚል ጽሑፍ ይነበባል። ከቡድናችን ማንም ፎቶ ለማንሣት አልቸኮለም።

ለመሄድ ያሰበ ሰው ትከሻና ጉልበት የሚሸፍን ልብስ ይልበስ፤ ምቹ ጫማ ያድርግ፤ ኡፊዚ የሚባለው የሥዕል ሙዚየምና አካዴሚያ ሰኞ ዝግ መሆናቸውን አውቆ ቀኑን ያመቻች። ኡፊዚ በዚህ ጉብኝት ውስጥ ስለማይካተት እኔ በማግሥቱ ብቻዬን ሄጃለሁ። እዚያ ሰው ሁሉ ወደ ሠዓሊው ቦቲቼሊ ክፍል ሲጣደፍ የመተላለፊያውን የግድግዳ አናት ቀና ብሎ ማየት ይገባል፤ ሠዓሊው ክሪስቶፋኖ ዴላልቲሲሞ ከተማዋን ይገዛ ለነበረው ለሜዲቺ ቤተሰብ ቤተ መንግሥት ከገለበጣቸው የታላላቅ ሰዎች ምስሎች መካከል የዐፄ ልብነ ድንግል ምስል አለ። የተሰቀሉት ከጣሪያው ሥር በመሆኑ ዝርዝሩን በባዶ ዓይን ማየት ያስቸግራል፤ ትንሽ የሩቅ ማያ መነጽር ይዛችሁ ግቡ።