ድሬዳዋ ላይ ቅቤ ሲገዛ፦ የደጋ ለጋ፣ ሱባግ፣ የቆርቆሮ ሰምንና የአትክልት ቅቤ ሲነጻጸሩ

ቀፊራ ገበያ ቅቤ ፈልጎ የሚሄድ ሰው ከጧቱ አንድ ሰዓት ተኩል በፊት ቢደርስ ይሻለዋል። ከዚያ በኋላ ፀሐይዋም ገበያተኛ ትሆናለች። ደንበኛ የሆንኩላቸው እናት ቅቤያቸውን በሰፊ የውሃ ሳህን ላይ አስቀምጠው በእርጥብ ነጠላ ይሸፍኑታል፤ ጨርቁ በደረቀ ቁጥር ከጆጉ እየቀዱ ያርሱታል። በቀደም አንዲት ወጣት ዋጋ ጠይቃ ደነገጠችና «እትዬ፣ እዚያ ሱቅ የቆርቆሮው ከዚህ ብዙም አይበልጥም እኮ፤ ያውም የነጠረ ነው» አለቻቸው። ቀና ብለው አዩአትና «ልክ ነሽ የኔ ልጅ፣ የኔ ውሃ አለው፤ ያኛው ውሃ የለውም። ላም እንዳለው ግን አጣሪ» አሏት።

ለቤተሰባችን ቁርስ ቤት ቅቤ የምገዛው እኔ ነኝ። ፉሉ፣ ፈጢራው፣ ጨጨብሳው፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ደግሞ ገንፎው ሁሉ ቅቤ ይጠይቃል። ስለዚህ የእኚህ ሴት ዐረፍተ ነገር ለእኔ ቀልድ አይደለም፤ የወሩ ሒሳብ በእሱ ላይ ይወድቃል።

ኪሎ ያታልላል

ድሬዳዋ ላይ ለአንድ ድስት አራት ዓይነት ቅቤ ይወዳደራል። ከቁልቢ፣ ከጨለንቆና ከደደር በኩል፣ አንዳንዴም ከሸዋ ድረስ የሚመጣው ያልነጠረ የደጋ ቅቤ አለ። የሶማሌ አርብቶ አደሮች አንጥረው የሚያመጡት ሱባግ አለ። ከባሕር ማዶ በቆርቆሮ ታሽጎ የሚገባ፣ ነጋዴው በዓረብኛ ስሙ ሰምን የሚለው የነጠረ የላም ቅቤ አለ። አራተኛው «የአትክልት ቅቤ» የሚባለው ነው፤ እሱ የረጋ ዘይት እንጂ ከወተት ጋር ዝምድና የለውም። ሁሉም በኪሎ ይጠራሉ፤ ኪሎው ውስጥ ያለው ስብ ግን እጅግ ይለያያል።

ኮዴክስ በሚባለው ዓለም አቀፍ የምግብ ደረጃ አንድ ነገር ቅቤ ለመባል ቢያንስ 80 በመቶ የወተት ስብ ሊኖረው፣ ውሃው ደግሞ ከ16 በመቶ ሊበልጥ አይገባም። ለነጠረው የተቀመጠው ልክ 99.6 በመቶ ስብ ነው። በእጅ የተናጠ የገጠር ቅቤ በደንብ ካልታጠበ አሬራ ይዞ ስለሚቀር ከ80 በታች ይወርዳል። አንድ ኪሎ ለጋ አንጥራችሁ ከ700 እስከ 800 ግራም ካገኛችሁ አልተታለላችሁም።

የለጋው ኪሎ 1,000 ብር ነው እንበል፤ ቁጥሩን የመረጥኩት ለስሌት እንዲያመች ብቻ ነው። 750 ግራም ከወጣው የነጠረው ኪሎ 1,333 ብር ወደቀ ማለት ነው፤ ከሰሉ፣ ኮረሪማውና ኮሰረቱ ገና አልተቆጠሩም። እንግዲህ ከቆርቆሮው ጋር መነጻጸር ያለበት ይህ ዋጋ ነው። ቆርቆሮውም የራሱ ወጥመድ አለው። አንዳንዱ የሚሞላው በሊትር ነው፤ አንድ ሊትር የነጠረ ቅቤ ደግሞ 910 ግራም አካባቢ እንጂ አንድ ኪሎ አይመዝንም። ላዩ ላይ የተጻፈው ግራም ይሁን ሚሊ ሊትር ሳታነቡ አትክፈሉ።

የደጋው ለጋ

ጣዕም ከተባለ የሚወዳደረው የለም፤ ይህንን ሳልደብቅ ልናገር። ለወጥ፣ ለክትፎና ለገንፎ የምንፈልገው መዓዛ የሚመጣው ከተናጠው እርጎና ከማንጠሪያው ቅመም ነው፤ ሁለቱንም ቆርቆሮው ውስጥ አታገኟቸውም። ነጋዴው እንደ ዕድሜው በለጋ፣ በመካከለኛና በበሳል ይከፍለዋል። ለጋው ለፀጉርና ለሚጣፍጥ ንጥር፣ መካከለኛው ለወጥ ነው። በሳሉን የሚወዱ አሉ፤ እኔ ከእነሱ አይደለሁም፤ ነገር ግን በደንብ ሲነጠር ለዶሮ ወጥ እንደሚሆን እመሰክራለሁ።

ችግሩ ከተማችን ናት። የወተት ስብ ከ32 እስከ 35 ዲግሪ ላይ ይቀልጣል፤ ድሬዳዋ በግንቦትና በሰኔ ቀትር ላይ ያንን ሙቀት ያለ ምድጃ ትሰጣለች። ሐረር የሚኖር ሰው ከ1,800 ሜትር በላይ ስለሆነ ለጋውን ለጥቂት ቀን ጓዳ ቢያቆየው ያምርለታል። እዚህ ማቀዝቀዣ የሌለው ሰው ሰኞ ለጋ ገዝቶ ሐሙስ በሳል ያገኛል። ስለዚህ ድሬ ላይ ለጋ መግዛት ማለት የገዙ ዕለት ማንጠር ማለት ነው። ጊዜ ከሌላችሁ አትግዙ።

ሁለተኛው ችግር ባዕድ ነገር ነው። ከዓመታት በፊት ለበዓል አምስት ኪሎ ከማላውቀው ሻጭ ገዛሁ፤ ቢጫነቱ የሚያስጎመጅ ነበር። እናቴ ከሰል ላይ ጥዳ ስታማስል አረፋው አልጠፋ አለ፤ ከሥር እንደ አጥሚት የወፈረ ነገር እየተንተከተከ ማንኪያውን ያዘው። አጥልለን ስንመዝነው ሦስት ኪሎ ከመቶ ግራም ወጣ። እናቴ ዝቃጩን በጣቷ ቀመሰችና «ሙዝ ነው» አለች፤ ሌላ ቃል አልጨመረችም። ሙዝ፣ ድንች፣ ዱቄት፣ የአትክልት ቅቤ ራሱ በቅቤ ውስጥ ይደባለቃል።

ፈተናው ቀላል ነው። የአውራ ጣት ጥፍር የምታህል ቅቤ በፈላ ውሃ ብርጭቆ ውስጥ ጨምሩ፤ ንጹሑ ቀልጦ ይንሳፈፋል፤ ዱቄት ወይም ድንች ያለበት ከሥር ይዘቅጣል። በዝቃጩ ላይ ውሃው ከቀዘቀዘ በኋላ አንድ ጠብታ አዮዲን ብታክሉበት ወደ ሰማያዊ ጥቁር መለወጡ ዱቄትነቱን ያጋልጣል። የአትክልት ቅቤ የተቀላቀለበትን ግን ብርጭቆውም አዮዲኑም አይዙትም፤ እሱን የሚይዘው ቤተ ሙከራ ነው፣ አለዚያም የሻጩን ፊት ለዓመታት ማወቅ።

ሱባግ

ከጅግጅጋና ከሽንሌ በኩል የሚመጣው ሱባግ አስቀድሞ የነጠረ ስለሆነ የውሃው ሒሳብ የለበትም። አርብቶ አደሮቹ የወተት ዕቃቸውን በእንጨት ጢስ ያጥናሉ፤ ያ ጢስ ሱባጉ ላይ ይቀራል። ሙቅማድ በልቶ የሚያውቅ ሰው ምን እንደምል ይገባዋል፤ የደረቀችው ሥጋ በሱባግ ተሸፍና ለወራት የምትቆየው ውሃ ስለሌለው ነው። ለሩዝ፣ ለፈጢራና ለማር ቅቤ ከሁሉም እሱን እመርጣለሁ። ለወጥ ግን ጢሱ ከኮረሪማው ጋር ይጣላል።

አንድ ነገር በጥርጣሬ ስሙ፦ «የግመል ቅቤ ነው» ሲሏችሁ። የግመል ወተት የስቡ ቅንጣቶች በጣም ደቃቅ ስለሆኑ ለመናጥ እጅግ አስቸጋሪ ነው። ገበያ ላይ በጀሪካን የሚቀርበው ሱባግ የላም፣ የፍየል ወይም የበግ ነው። ይህ ነውር የለበትም፤ ነውሩ በግመል ስም ዋጋ መጨመሩ ነው።

የሱባግ ድክመት አቅርቦቱ ነው። ዝናብ ሲጠፋ ሱባግ ይጠፋል። ከ2020 እስከ 2023 እ.ኤ.አ. በደቡብና በደቡብ ምሥራቅ ኢትዮጵያ በተከታታይ አምስት የዝናብ ወቅቶች ሳይሳኩ ቀርተው ከብት ሲያልቅ ይህንን በዓይናችን አየን። መንጋ እንደ ማሳ በአንድ ክረምት አይመለስም፤ ጥጃ ጊደር፣ ጊደር ላም እስክትሆን ዓመታት ይወስዳል። በሱባግ ላይ ብቻ ተማምኖ ንግድ የሚከፍት ሰው ይህንን ያስብበት።

ቆርቆሮው፣ የላምና የሌላም

ከጅቡቲና ከበርበራ በኩል የሚመጣው ቆርቆሮ አብዛኛው ዓረብኛ ተጽፎበታል፤ ለድሬዳዋ ሰው ደግሞ ይህ ጥቅም ነው፤ ጎረቤት የሚያነብ አይጠፋም። «ሰምን በቀሪ» ካለ የላም ነው። «ሰምን ነባቲ» ካለ የአትክልት ነው። ሁለቱም ላይ ላም ወይም አረንጓዴ መስክ ሊሳል ይችላል፤ ሥዕሉን ተዉት፣ ጽሑፉን አንብቡ። በእንግሊዝኛ ብቻ ከሆነ «ፓልም» እና «ቬጂተብል» የሚሉትን ቃላት ፈልጉ።

የበቀሪው ጥንካሬ አንድ ዓይነትነቱ ነው። ዛሬም ነገም ያው ነው፤ ምንም አይዘቅጥበትም፤ ፈጢራ ምጣድ ላይ ሲጋል አያርርም። ለሐልዋና ለብስኩት የሚገዛ ሰው፣ ብዙ ሩዝ የሚሠራ ሆቴልም ከለጋ ጋር መታገል የለበትም። ጣዕሙ ግን ጭር ያለ ነው። በቅመም እንደገና ብታነጥሩት ይሻሻላል እንጂ የደጋውን አይሆንም።

ድሬዳዋ አንድ የነጻ ቤተ ሙከራ አላት፤ ሙቀቷ። በግንቦት ቀትር የላም ሰምን ቆርቆሮው ውስጥ ይላላል፣ ከፊሉ ዘይት ይሆናል፤ ሲበርድ ደግሞ እንደ ጥሬ ስኳር ይቆረቁራል። በዚያው ሰዓት እንደ ሻማ ደርቆ የሚቀመጠው ብዙውን ጊዜ ነባቲ ነው። ምላስ ላይም ይለያሉ፦ ነባቲው ላንቃን እንደ ሰም ይለብጣል፣ ሙቅ ሻይ ካልጠጣችሁበት አይለቅም።

በነባቲው ላይ ብዙ አልቆይም። ርካሽ ነው፤ ለመጥበሻ ያገለግላል፤ ቅቤ አይደለም። ከፊል በሃይድሮጂን የረጋ ዘይት ከተጻፈበት ተዉት፤ የዓለም ጤና ድርጅት በፋብሪካ የሚፈጠረው የትራንስ ስብ ከጠቅላላው ስብ በ100 ግራም ከ2 ግራም እንዳይበልጥ የሚመክረው በልብ በሽታ ምክንያት ነው። የእኔ ቅሬታ በነባቲው ሳይሆን ፉሉን «በቅቤ» ብለው በነባቲ በሚያቀርቡት ላይ ነው።

ቆርቆሮ ስትገዙ ክዳኑ ያበጠውን፣ ጎኑ የዛገውን፣ የአስመጪ ስምና የማብቂያ ቀን የሌለውን አትንኩ። በኮንትሮባንድ የገባው ርካሽ ነው፤ በረሃ ላይ ስንት ቀን ፀሐይ እንደበላው ግን ማንም አይነግራችሁም።

ዋጋው ወዴት ይሄዳል?

የቆርቆሮውና የደጋው ዋጋ የሚነሡበት ምክንያት ለየቅል ነው፤ ገዢን የሚጠቅመውም ይህ ነው። ቆርቆሮው የሚከተለው ዶላርን ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪው በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ ዶላር ከ57 ብር ገደማ ተነሥቶ በሳምንታት ውስጥ ከ100 አለፈ፤ ሱቆቻችን ያንን ሒሳብ ለመሥራት ሳምንት እንኳ አልፈጀባቸውም። በዚያ ላይ በ2017 ዓ.ም. ሰኔ አካባቢ የዓለም ቅቤ ዋጋ በተባበሩት መንግሥታት የምግብና እርሻ ድርጅት (ፋኦ) መለኪያ ታይቶ የማይታወቅ ከፍታ ላይ ደረሰና በቀጣዮቹ ወራት ወረደ። ነባቲው ደግሞ የፓልም ዘይትን ይከተላል፤ በሚያዝያ 2014 ዓ.ም. ኢንዶኔዥያ ለሦስት ሳምንት ያህል ወደ ውጭ መላክ ስታቆም የእኛ ዘይት መደብር ድረስ ተሰምቷል። ባቡሩና ነጻ የንግድ ቀጣናው ከተማችን ውስጥ መሆናቸው ማጓጓዣውን ሊያቀልለው ይችላል፤ የምንዛሪውን ነገር ግን አይነኩትም። በቆርቆሮ ላይ የዋጋ ቅናሽ ጠብቆ የሚቀመጥ ሰው ብዙ ይጠብቃል።

የደጋው ዋጋ የሚከተለው ሣርንና ጾምን ነው። ሀገሪቱ ወደ 70 ሚሊዮን የሚጠጋ የቀንድ ከብት አላት ቢባልም አንድ ኪሎ ቅቤ ከ16 እስከ 20 ሊትር ወተት ይበላል፤ የሀገር ላም ደግሞ በቀን የምትሰጠው ከሁለት ሊትር አይዘልም። በሐረርጌ ደጋ በአወዳይ ዙሪያ የግጦሹን መሬት ጫት ወስዶታል። አቅርቦቱ በቅርብ ይሰፋል ብዬ አልጠብቅም፤ በዓመት ውስጥ ግን ይወጣል፣ ይወርዳል፤ ብልኅ ገዢ የሚያተርፈው እዚያ ላይ ነው።

ክረምት ከወጣ በኋላ ሣሩ ስለሚተርፍ ወተቱ ይበዛል። ኅዳር 15 ጾመ ነቢያት ሲገባ የሸዋና የአዲስ አበባ ፍላጎት ይቀዘቅዛል። ሁለቱ የሚገናኙበት ከኅዳር አጋማሽ እስከ ታኅሣሥ አጋማሽ ያለው ወር ለእኔ የዓመቱ መግዣ ነው። በዓቢይ ጾምም ፍላጎት ይቀንሳል፤ ነገር ግን በጋ ስለሆነ ወተቱም አብሮ ይቀንሳል፣ ድሬ ላይ ደግሞ ገበያው በክርስቲያኑ ጾም ብቻ አይመራም። በ2017 እና በ2018 ዓ.ም. ረመዳንና ዓቢይ ጾም በቀናት ልዩነት ስለገቡ ክርስቲያኑ ቅቤ በተወ ጊዜ ሙስሊሙ ለማፍጠሪያው ይገዛ ነበር። በ2019 ዓ.ም. ረመዳን ሊያበቃ ሲል ነው ዓቢይ ጾም የሚገባው። የዒድ ግዢ ካለፈ በኋላ እስከ ፋሲካ ዋዜማ ባሉት ሳምንታት የቀፊራ ሴቶች ዋጋ ሲለሰልስ ብናይ አልገረምም። የፋሲካን ሳምንት ለማንም አልመክርም።

እኔ የማደርገውን ብትጠይቁኝ፦ የቁርስ ቤቱ ፈጢራና ሩዝ በበቀሪ ሰምን ይሠራል፤ በየሁለት ወሩ እገዛለሁ፤ አከማችቼ በዶላር አልወራረድም። ሱባግ በደግ ዓመት ብቻ፣ ከአንድ ሻጭ ብቻ፣ ቀምሼ ብቻ። የዓመቱ የወጥ ቅቤ ግን በኅዳር መጨረሻ ለጋ ተገዝቶ በዚያው ዕለት ማታ፣ ሙቀቱ ሲበርድ፣ ይነጠራል። ገና ለብ እያለ አፈ ሰፊ ብርጭቆ ዕቃ ውስጥ ይገለበጣል፤ እስኪቀዘቅዝም ክዳኑ አይከደንም፣ ላቡ ጠብ እንዳይልበት። እናቴ ደረቅ ማንኪያ ከጎኑ በክር ታንጠለጥልበታለች፤ እርጥብ ማንኪያ ያስገባ ልጅ የዚያን ቀን ገንፎውን ያለ ቅቤ ይበላል።