የጭስ አላርም፦ አሜሪሲየም ያለበት ይሻላል ወይስ በብርሃን የሚሠራው?

አሜሪካ ውስጥ አላርም ልትገዙ ስትሄዱ መልካቸው አንድ የሆነ ሁለት ዓይነት ታገኛላችሁ። የአንዱን ጀርባ ብታነቡ «አሜሪሲየም 241» ይላል። ራዲዮአክቲቭ ነው፤ ጨረር ይለቃል ማለት ነው። ብዙ ሰው ይህን ሲያይ ደንግጦ ይመልሰዋል። እኔም ለመኖሪያ ቤት ሌላውን ግዙ ባይ ነኝ፤ ምክንያቴ ግን ጨረሩ አይደለም።

አሜሪሲየም ሰው ሠራሽ ነው። እ.ኤ.አ. በ1944 አሜሪካዊው ኬሚስት ግሌን ሲቦርግና ባልደረቦቹ ፕሉቶኒየምን በኒውትሮን ደብድበው አገኙት። ሲቦርግ ወሬውን መጀመሪያ ያወጣው በልጆች የሬዲዮ ፕሮግራም ላይ መሆኑ ሁሌም ያስቀኛል። አላርሙ ውስጥ ያለው ከአንድ ማይክሮ ግራም በታች ነው። የሚለቀው የአልፋ ጨረር ወረቀት እንኳ አያልፍም። ሥራው በሁለት ትንንሽ ብረቶች መካከል ያለው አየር ኤሌክትሪክ እንዲያስተላልፍ ማድረግ ነው። ጭስ ሲገባ ኤሌክትሪኩ ይቀንሳል፣ አላርሙም ይጮኻል። ከፍታችሁ እስካልነካካችሁት ድረስ የሚያሰጋ ነገር የለውም።

ሌላው ፎቶኤሌክትሪክ ይባላል። ውስጡ ትንሽ መብራትና ሴንሰር አለ። ጭስ ሲገባ ብርሃኑ ይበተንና ሴንሰሩ ላይ ያርፋል።

ዋናው ልዩነት እሳቱ ላይ ነው። ወረቀት ቦግ ብሎ ሲነድ ባለአሜሪሲየሙ ይቀድማል። ሶፋ ወይም ፍራሽ ውስጥ ተዳፍኖ የሚጨስ እሳት ከሆነ ግን ፎቶኤሌክትሪኩ ይቀድማል፤ ያውም አንዳንዴ በብዙ ደቂቃ። ቤተሰብ ተኝቶ ሳለ የሚያስፈራው ይሄኛው እሳት ነው።

ደግሞ የእኛ ቤት ጉዳይ አለ። ባለአሜሪሲየሙ ለማብሰያ ጭስ ቁጡ ነው። ሥጋ ሲጠበስ ይጮኻል፣ ቡና ሲቆላ ይጮኻል። ሰው ይሰለችና ባትሪውን ያወጣዋል፣ በዚያው ይረሳዋል። ፎቶኤሌክትሪኩ በዚህ በኩል ይታገሣል። ዕጣን በደንብ ካጨሳችሁ ግን እሱም አይምራችሁም፤ መስኮት ክፈቱ።

ባለአሜሪሲየሙ ብዙ ጊዜ ዋጋው ረከስ ይላል። ሁለቱንም አንድ ላይ የያዘም አለ፤ አቅሙ ካላችሁ ጥሩ ነው። የአሜሪሲየሙ ግማሽ ዕድሜ (በግማሽ የሚቀንስበት ጊዜ) 432 ዓመት ቢሆንም ዕቃው ራሱ በ10 ዓመት ይቀየራል። ስትጥሉት አትሰባብሩት፣ አታቃጥሉት፤ የከተማችሁን ደንብ ጠይቁ።

ቤት ውስጥ ከሰል የምታነዱ ከሆነ ሁለቱም ከከሰሉ የሚወጣውን የማይታይ መርዛማ ጋዝ፣ ካርቦን ሞኖክሳይድን፣ አያውቁትም። ለእሱ የተሠራውን ለብቻ ግዙ፤ አላርም ስላለን ብላችሁም በር ዘግታችሁ ከሰል አታንድዱ።