ጓንቱን አውልቆ ኳስ የወረወረው ጠበቃ

ባለፈው ሐሙስ ለንደን ውስጥ ከፍዬ የእግር ጉዞ ሄድኩ። ከጠበቆች ማኅበሩ ከኢነር ቴምፕል ተነስቶ የቴምዝን ወንዝ ተሻግሮ ዘ ኦቫል የክሪኬት ስታዲየም በር ላይ ያበቃል። ጉዞው የሚከተለው የአንድ ሰው ሕይወት ነው፤ የአልፍሬድ ሊትልተንን። ጠበቃና አማተር የክሪኬት ተጫዋች ነበር።

እኛ አማተር ስንል ገና ያልበሰለ ማለታችን ነው። በንግሥት ቪክቶሪያ ዘመን ግን አማተር ማለት ለጨዋታው ደመወዝ የማይቀበል፣ የጨዋ ልጅ ነው። ደመወዝተኛው በሌላ በር ይገባል፣ በሌላ ክፍል ልብሱን ይቀይራል። ልዩነቱ የተሰረዘው በ1962 መጨረሻ ነው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። (የዘመኑ ዝነኛ የክሪኬት ተጫዋች፣ ትልቁ ግሬስም፣ አማተር ተብሎ ከደመወዝተኞቹ በላይ ያገኝ ነበር፤ እሱ ሌላ ጉድ ነው።)

አስጎብኚያችን ጨዋታውን ሲያወሩ እሳት ናቸው። ሕጉ ላይ ግን ሮጡ። ሊትልተን በ1881 ጥብቅና እንደጀመረ በአንድ ዓረፍተ ነገር ነግረውን አለፉ። የዚያን ጊዜ የሕግ ተማሪ ጠበቃ ለመባል በማኅበሩ አዳራሽ ውስጥ የተቆጠረ እራት መብላት ነበረበት። ይህን የመሰለ ወሬ እንዴት ይታለፋል? ጭራሽ ወደ አዳራሹ እያመለከቱ «እዚህ ነው የበላው» አሉን። አዳራሹ እኮ በ1941 በቦምብ የፈረሰ ነው፤ አሁን ያለው ከጦርነቱ በኋላ የተሠራ ነው። ቀስ ብዬ ነገርኳቸው። ሳቁ።

ኦቫል ስንደርስ ካሱኝ። ነሐሴ 1884፣ እንግሊዝ ከአውስትራሊያ። አውስትራሊያዊው መርዶክ ብቻውን 211 ሩጫ (የክሪኬት ነጥብ ነው) አስቆጥሯል፣ የእንግሊዝ ኳስ ወርዋሪዎች በድካም ሞተዋል። አሥራ አንዱም እንግሊዛውያን ተራ በተራ ወረወሩ። ሊትልተን የዊኬት ጠባቂ ነው፤ ከመቺው ኋላ ቆሞ ኳስ የሚይዝ እንጂ የሚወረውር አይደለም። ጓንቱን አወለቀ፣ የእግር መከላከያውን ግን እንዳሰረ ቀረ። ጺማሙ ግሬስ በቦታው ቆመለት። አስጎብኚው እዚህ ላይ ከቦርሳቸው የቴኒስ ኳስ አወጡና ለእኔ ሰጡኝ። «ክንድሽን ወደ ላይ አታንሺ፣ ከታች ወርውሪ!» ሁለቴ ሞከርኩ፣ ሁለቱም አጥር ሥር ገባ። ሊትልተን ግን እንዲያ እየወረወረ የመጨረሻዎቹን አራት የአውስትራሊያ መቺዎች ከጨዋታ አስወጣ። 19 ሩጫ ብቻ ነው የሰጠው። አውስትራሊያ 551 ሩጫ ላይ ቆመች፣ ጨዋታውም አቻ ወጣ።

በእግር ኳስም ለእንግሊዝ ተሰልፎ በ1877 ስኮትላንድ ላይ ጎል አግብቷል። በሁለቱም ስፖርት ለአገሩ የተጫወተ የመጀመሪያው ሰው እሱ ነው። በኋላ የቅኝ ግዛቶች ሚኒስትር ሆነ። እዚህ ላይ ጠንከር ያለ ጥያቄ ጠብቄ ነበር፣ ማንም አልጠየቀም፤ እኔም እግሬ ዝሎ ዝም አልኩ።

ከአምስት ሦስት ተኩል እሰጣለሁ። የምትሄዱ ከሆነ በሥራ ቀን ይሁን፤ ቅዳሜና እሁድ ብዙዎቹ የቴምፕል በሮች ይዘጋሉ።