ውክልናውን ቃል በቃል ያነበበልን ጠበቃ (ማርቆስ፣ የተመዘገበ የቤት ሽያጭ ውል ጉዳይ ላለባችሁ)

ሰላም ለሁላችሁ፣ ይሄን የምጽፈው ደብረ ማርቆስ ላይ የቤት ሽያጭ ውል ክርክር ይዛችሁ የት እንደምትሄዱ ለጨነቃችሁ ነው፣ እኛ በዚህ ነገር እንቅልፍ አጥተን ከርመናል።

ነገሩ እንዲህ ነው። እማዬ ጉልበቷን ስለሚያማት ማዘጋጃ ቤት መመላለስ ሲያቅታት ለአክስቴ ልጅ ውክልና ሰጠችው፣ ግብር እንዲከፍልላት ካርታውን እንዲከታተልላት ተብሎ። እሱ በዛው ውክልና ቤቱን ሸጠው፣ ያውም ውሉ ተረጋግጦ ተመዝግቦ ማህተም ተመትቶበት። እኛ የሰማነው ገዢው ቤቴን ልረከብ ብሎ በር ሲያንኳኳ ነው። እማዬ ቡና እያፈላች ነበር፣ እንግዳ መስሏት ግባ ልጄ ሁለተኛው ላይ ደርሰሃል አለችው። ሰውየው ሲኒውን ይዞ ነው ውሉን ከኪሱ አውጥቶ ያሳየን።

መጀመሪያ ማመልከቻ የሚጽፍ ሰው ጋ ሄድን፣ ግማሽ ሰአት አልፈጀበትም። የአክስቴን ልጅ ብቻ ከሶ ገዢውን ሳይጨምር «በማታለል የተደረገ ስለሆነ ውሉ ይሰረዝልኝ» ብሎ አራት ምስክር ቆጥሮ ሰጠን፣ ውክልናውን ገልጦ እንኳ አላየውም። ብሩን ከፍለን ወጣን፣ ደግነቱ ወረቀቱን ሳናስገባ ጎረቤታችን እስቲ ጠበቃ ይየው ብላ ያዘችን።

ጠበቃው ስሙን እዚህ አልጽፍም፣ የፈለገ ኢንቦክስ ያድርገኝ። የማማከሪያ 500 ብር ተቀበለን፣ ደረሰኝ ሰጠን፣ ከዛ እማዬ በፌስታል የያዘችውን ወረቀት ሁሉ ጠረጴዛው ላይ ዘርግቶ ሁለት ሰአት ሙሉ አነበበ። ውክልናው ላይ ሲደርስ ድምፁን ከፍ አድርጎ ቃል በቃል እያነበበ «እንዲያስተዳድርልኝ» የሚለው ላይ በቀይ እስክሪብቶ አሰመረ፣ ፎቶ ኮፒው ላይ ማለቴ ነው። ከዛ «እማማ፣ እንዲሸጥልኝ የሚል ቃል ተናግረው ነበር?» አላት። እሷ ማንበብ አትችልም፣ አሻራዋን ነው ያሳረፈችው፣ «ኧረ በማርያም፣ ግብር ክፈልልኝ ነው ያልኩት» አለችው።

ያን ቀን የነገረን ነገር ብዙ ሰው የማያውቀው ስለሆነ ልዘርዝረው። በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2205 መሰረት ወኪል የማይንቀሳቀስ ንብረት ለመሸጥ ልዩ ውክልና ያስፈልገዋል፣ አስተዳድርልኝ የሚል ጠቅላላ ውክልና አይበቃም። እኔ ውሉ ከተመዘገበ አለቀለት ብዬ ነበር። እሱ ግን ምዝገባው በቁጥር 1723 የሚያስፈልግ ፎርም ነው፣ የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ችሎት በመዝገብ ቁጥር 21448 ያልተመዘገበ የቤት ሽያጭ አይጸናም ካለ ወዲህ ሰው ሁሉ ለምዝገባ ይሮጣል፣ ምዝገባ ግን ለወኪል ያልተሰጠውን ስልጣን አይሰጠውም አለን። ይሰረዝ እና ይፍረስ ደግሞ አንድ አይደሉም። መሰረዝ በደንብ የተደረገ ውል አንዱ ወገን ሳይፈጽም ሲቀር ነው፣ መፍረስ ገና ከመነሻው ጉድለት ሲኖር ነው፣ የእማዬ ደግሞ ያለ ስልጣን በስሟ የተደረገ ስለሆነ አያስገድደኝም ነው የምትለው። ያ የመጀመሪያው ሰው የጻፈልን ይዘን ብንገባ ያላደረግነውን ውል አድርገናል ብለን ማመናችን ነበር! መቼ እንዳወቅን ቀኑን ሳይቀር ጠየቀን፣ ምክንያቱም ውል ይፍረስልኝ ለማለት በቁጥር 1810 የሁለት አመት ገደብ አለ፣ ተቃራኒ ወገን ያነሳብናል ብሎ። ምስክር ላይ ብቻ አትመኩ፣ ሹም ፊት የተፈረመ ሰነድ በሰው ቃል በቀላሉ አይነቃነቅም አለን።

ስራው ፈጣን ነው። በዛው ቀን ውክልናውን እንድንሽር አደረገ፣ ክሱን ገዢውን ጨምሮ ሲያስገባ በፍትሐ ብሔር ስነ ስርዓት ቁጥር 154 የእግድ ጥያቄ አብሮ አያይዞ ማዘጋጃ ቤት ስም እንዳይዛወር አሳገደልን። ይሄ ባይሆን ቤቱ ለሦስተኛ ሰው ተሽጦ ሌላ መዘዝ ይመጣ ነበር።

ከሁሉ የወደድኩት ግን እናሸንፋለን ብሎ አለመማሉ ነው። ገዢው ከቢቸና በኩል የመጣ ገበሬ ነው፣ በሬ ሸጦ እህል ሸጦ ያጠራቀመውን ነው የከፈለው፣ እማዬ ስትረግመው ጠበቃው «እማማ እሱም የተበደለ ሰው ነው፣ ብሩን ከወሰደው ሰው እንዲቀበል ነው መደረግ ያለበት» አላት። ከዛ በኋላ እማዬ ገዢውን ችሎት በር ላይ ስታገኘው ሰላም ማለት ጀመረች፣ እኔ ያን ሳይ እንባዬ ነው የመጣው።

ቅር ያለኝም አለ። ጠዋት ስልክ አያነሳም፣ ችሎት ላይ ነው፣ መልሶ የሚደውለው ማታ ነው። ቢሮው ፎቅ ላይ ስለሆነ እማዬን ደግፈን ነው የምናወጣት፣ አንድ ሁለቴ ግን ራሱ ወርዶ መኪና ውስጥ አናግሯታል። ክፍያው ማመልከቻ ከሚጽፈው ሰው ጋ ጨርሶ አይገናኝም፣ እኛ በሦስት ጊዜ ከፋፍለን ነው የጨረስነው፣ የዳኝነት ክፍያው ደግሞ ለብቻ ነው፣ እሱንም አስቀድሞ ነግሮናል።

ፍርድ ቤቱ ውሉ እማዬን አያስገድዳትም ብሎ ወሰነ። ጠበቃው በ60 ቀን ውስጥ ይግባኝ ሊሉ ይችላሉ ብሎን ነበር፣ እንዳለውም ገዢው ይግባኝ ብሏል፣ ጠበቃ አልቀየርንም በዛው ቀጥለናል። የምትሄዱ ካላችሁ ውክልናውን፣ የሽያጭ ውሉን፣ ካርታውን፣ የግብር ደረሰኙን ሁሉ ይዛችሁ ከሰአት በኋላ ሂዱ፣ ውክልናውን ከሁሉ ከላይ አድርጉት መጀመሪያ የሚጠይቃችሁ እሱን ነው።